«ችሎት መድፈር» እና ያልተፈጸመ ትእዛዝ፦ የአንድ የሕግ ቃል ትርጉም ወሰን

በ1996 ዓ.ም. የወጣው የኢትዮጵያ የወንጀል ሕግ በአንቀጽ 449 «ፍርድ ቤትን መድፈር» ብሎ የሚቀጣው፣ በዋናነት ዳኛን በሥራው ላይ ሳለ መስደብን፣ በእርሱ ማፌዝን፣ ማስፈራራትንና የችሎትን ሥራ ማወክን ነው። ቃሉ ለዚህ ድርጊት በሚገባ ይስማማል። ችግሩ የሚነሳው የእንግሊዝን የሕግ ወግ በወረሱ አገሮች የታየ ጉዳይ ወደ አማርኛ ሲመለስ ነው። በዚያ ወግ አንድም ክፉ ቃል ሳይወጣው፣ የታዘዘውን ባለመፈጸሙ ብቻ የተከሰሰ ሰው በዚሁ ስም ይጠራልና።

ለዚህ የሚሲሲፒ ዩኒቨርሲቲ ጉዳይ ጥሩ ማሳያ ነው። እ.ኤ.አ. በጁን 1962 የአሜሪካ የፌዴራል ይግባኝ ሰሚ ፍርድ ቤት፣ ጥቁሩ አመልካች ጄምስ ሜሬዲት በዩኒቨርሲቲው እንዲመዘገብ ወሰነ። ሴፕቴምበር 20 ቀን የባለአደራዎች ቦርድ የሬጅስትራርነቱን ሥልጣን ለግዛቲቱ ገዥ ለሮስ ባርኔት አሳልፎ ሰጠ፤ ገዥውም በዚያው ዕለት አመልካቹን መለሰው። ቦርዱ ከአራት ቀን በኋላ ኒው ኦርሊንስ ችሎት ፊት ቀርቦ ለመታዘዝ ተስማማ። ገዥው ግን መከልከሉን ስላላቆመ፣ ሴፕቴምበር 28 ቀን ፍርድ ቤቱ እስከ ኦክቶበር 2 ካልታዘዘ እንዲታሰርና በየቀኑ 10,000 ዶላር እንዲከፍል ወሰነ። ሜሬዲት ኦክቶበር 1 ቀን ተመዘገበ፤ ይህም የሆነው ሁለት ሰዎች ከሞቱበት የሁከት ሌሊት በኋላ ነው።

የቅጣቱ አሠራር ልብ ሊባል ይገባል። መቀጮውና እስሩ የታሰቡት ገዥውን ለማስገደድ ነው፤ ቢታዘዝ ይቀሩለታል። ላለፈው ድርጊቱ ደግሞ ሌላ፣ የወንጀል ክስ ተከፍቶበት ነበር። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ1964 በ5 ለ4 ድምፅ ገዥው በዚህ ክስ በጁሪ የመዳኘት መብት እንደሌለው ወሰነ፤ ክሱ ግን በተከታዩ ዓመት ተቋረጠ። ሁለቱም ክሶች በእንግሊዝኛው አንድ ስም አላቸው፤ በአማርኛም ሁለቱን «መድፈር» ማለት ተለምዷል።

እዚህ ላይ የግሡ ጠባይ እንቅፋት ይሆናል። «ደፈረ» በተሳቢው ላይ የተፈጸመና ያበቃ ድርጊትን ይናገራል፦ ሕግ ደፈረ፣ አገር ደፈረ፣ ሴት ደፈረ። የተደፈረ ነገር ተመልሶ ያልተደፈረ አይሆንም። ስለዚህ «ትእዛዙን እስኪፈጽም ድረስ ይታሰር» የሚለው ዐረፍተ ነገር ከ«አልፈጸመም» ጋር በቀላሉ ይገጥማል፤ ከ«ደፈረ» ጋር ግን ይጋጫል። ይባስ ብሎ ይኸው ግሥ ሌላ ግሥ ሲቀድመው ትርጉሙ ወደ ልበ ሙሉነት ያዘነብላል። አለቆቹን ፈርቶ የምዝገባ ቅጹን ያልፈረመ የሬጅስትራር ሠራተኛ «ሊፈርም አልደፈረም» ይባላል፤ ባለመድፈሩም «ችሎት ደፍረሃል» ተብሎ ይከሰሳል! ቃሉ ለዚህ ጉዳይ አለመስማማቱን ከዚህ የተሻለ የሚያሳይ ምሳሌ አላገኘሁም። የስዋሂሊው «ኩዳራው ማሃካማ»ም ከዚህ አላመለጠም፤ እርሱ ንቀትን ስለሚሰይም ክርክሩን ወደ ተከሳሹ ልብ ይወስደዋል።

ነገሩ የመዝገበ ቃላት ጉዳይ ብቻ አይደለም። በአሜሪካ ፍርድ ቤት የልጅ ቀለብ እንዲከፍል ታዝዞ ያልከፈለ አማርኛ ተናጋሪ፣ አስተርጓሚው «ችሎት ደፍረሃል» ሲለው «ኧረ እኔ ዳኛውን አልደፈርኩም!» ብሎ ቢመልስ፣ ለሰማው ቃል እውነተኛ መልስ ሰጥቷል። ወደ መዝገብ የሚገባው ግን ትእዛዙን ፈጽሜአለሁ እንዳለ ተደርጎ ነው። ከእስር የሚያወጣው ቁልፍ በእጁ መሆኑን፣ ማለትም ቢከፍል እንደሚለቀቅ፣ ከሰማው ቃል ሊረዳ አይችልም።

በእኔ አስተያየት «ችሎት መድፈር» ለስድብና ለሁከት ብቻ ይጠበቅ፤ ለሌላው «የፍርድ ቤት ትእዛዝ አለመፈጸም» ይበቃል። ሐረጉ ረዝሟል የሚሉ ባለሙያዎች አሉ። ነገር ግን «የፍርድ አፈጻጸም» የሚለው ስያሜ በችሎቶቻችን የቆየ በመሆኑ፣ «አለመፈጸም» ለማንም ባለጉዳይ ጆሮ እንግዳ አይሆንም።