ርቀት ጠባቂዋ መኪና ምን ታያለች? ምንስ አታይም?

ከጥቂት ሳምንታት በፊት ሦስት የአርት ፋኩልቲ ተማሪዎች ሆነን ወደ አዳማ ወርደን ነበር። የወሰዱን የአንደኛው ጓደኛችን አጎት ናቸው፤ መኪናቸውም በቅርቡ የገዟት የኤሌክትሪክ መኪና ናት። ቱሉ ዲምቱ ላይ የክፍያውን መንገድ እንደያዝን ጋሼ በመሪው ላይ ያለች አንዲት ቁልፍ ጫን አደረጉና እግራቸውን ከፔዳሉ አንስተው ተደላድለው ተቀመጡ። መኪናዪቱም እንደታዘዘችው በሰዓት 100 ኪሎ ሜትር ትሮጣለች። ከፊቷ የጭነት መኪና ባገኘች ጊዜ ማንም ሳይነካት ቀስ ትላለች፤ ጭነቱ መንገድ ሲለቅላት ደግሞ መልሳ ትፈጥናለች። «ጋሼ፥ እግርዎ ምን ይሠራል?» ብለን ብንጠይቃቸው «እግሬማ ጡረታ ወጥቷል!» አሉን።

ስንመለስ ግን ሞጆ ዘመድ መጠየቅ ስለነበረባቸው በአሮጌው መንገድ መጣን። ከሞጆ ጥቂት እንደራቅን አንድ የተበላሸ የጭነት መኪና መንገዱን ከፊል ዘግቶ ቆሟል፤ ከኋላውም እንደ አገራችን ልማድ ድንጋይ ተደርድሯል፥ ቅጠልም ተጥሏል። እኛ «አሁን ትቀንሳለች» ብለን በሙሉ ልብ እንጠብቃለን። እርሷ ግን ምንም እንዳላየች ሁሉ ቀጥ ብላ ወደ ድንጋዩ ሄደች። ጋሼ ጡረታ የወጣውን እግራቸውን በችኮላ ወደ ሥራው መልሰው ፍሬኑን ባይረግጡት ኖሮ ይህን ጽሑፍ የሚጽፈው ሌላ ሰው በሆነ ነበር። እስከ ቢሾፍቱ ድረስ በመኪናው ውስጥ ማንም አልተነፈሰም።

እንግዲህ ጥያቄያችን ይኸ ነው። የሚሮጠውን ጭነት ከሩቅ አይታ ያከበረች መኪና፥ የቆመውን ጭነት፥ ያውም የቤት ግድግዳ የሚያህለውን፥ እንዴት ሳታየው ቀረች? የቴክኖሎጂ ፋኩልቲ ጓደኞቻችንን አስቸግረን፥ መጻሕፍትም አገላብጠን ያገኘነውን ለአንባቢዎቻችን እናቀርባለን። ሥዕል ቢኖረው መልካም ነበር፤ ነገር ግን እስቴንስላችን ሥዕል ስለማይወድ በቃል ብቻ እንሞክራለን። ዓመተ ምሕረቶቹ ሁሉ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው። መሣሪያውን ፈረንጆቹ «አዳፕቲቭ ክሩዝ ኮንትሮል» ይሉታል፤ እኛ እዚህ ላይ «ርቀት ጠባቂ» ብለነዋል፤ የተሻለ ስም ያለው ይላክልን።

የነገሩ መነሻ አንድ ዓይነ ስውር ሰው ነው። ራልፍ ቲተር የተባለው አሜሪካዊ መሐንዲስ ዓይኑን ያጣው በ5 ዓመቱ በደረሰበት አደጋ ነው። እንደሚተረከው፥ አንድ ቀን ጠበቃው መኪና እየነዳ ሲወስደው፥ ጠበቃው ወሬ ሲጀምር ይቀንሳል፥ ዝም ሲል ይፈጥናል። ለሚያይ ሰው ይኸ ምንም አይደለም፤ መንገዱን በገላው ብቻ ለሚያውቀው ለቲተር ግን ወደፊትና ወደኋላ መናጡ ሥቃይ ሆነበት። ስለዚህ ፍጥነትን በአንድ ልክ የሚይዝ መሣሪያ ሠርቶ በ1950 የፈጠራ መብት አገኘበት፤ በ1958ም ክራይስለር ኩባንያ በመኪናዎቹ ላይ አዋለው። የዚህ መሣሪያ ብልሃት ቀላል ነው። የተፈለገውን ፍጥነት አሁን ካለው ፍጥነት ጋር እያነጻጸረ፥ ጉድለት ሲያገኝ ነዳጅ ይጨምራል፥ ትርፍ ሲያገኝ ይቀንሳል። ዳገት ላይ መኪናው ሲደክም ነዳጅ የሚጨምረው ዳገቱን አይቶ ሳይሆን የፍጥነቱን መውረድ ቆጥሮ ነው። ከፊት ያለውን መኪና ግን ፈጽሞ አያውቅም። ሾፌሩ ካላቋረጠው ሄዶ ከፊተኛው ጋር ይላተማል።

የጎደለው ዓይን ነበር። በ1995 ሚትሱቢሺ በዲያማንቴ መኪናው ላይ የሌዘር ጨረር አድርጎ ከፊት ያለውን ርቀት እንዲለካ አደረገ፤ ይህ መኪና ግን ነዳጅ ከመቀነስና ማርሽ ከማውረድ በቀር ፍሬን የመያዝ ሥልጣን አልነበረውም። በ1999 መርሴዲስ በትልቁ ኤስ ክላስ መኪናው ላይ በሌዘሩ ፋንታ ራዳር አኖረ፥ ፍሬንም ጨመረለት። ዛሬ በአብዛኞቹ ርቀት ጠባቂዎች ላይ የሚገኘው ዓይን ይኸው ራዳር ነው። ብዙዎቹ ካሜራም ጨምረዋል፤ በካሜራ ብቻ የሚሠሩም አሉ።

ራዳር ማለት በአጭሩ የገደል ማሚቶ ነው። እረኛው ከገደሉ ማዶ ይጮሃል፤ ድምፁ ነጥሮ እስኪመለስ ያለው ጊዜ ሲረዝም ገደሉ ሩቅ ነው፥ ሲያጥር ቅርብ ነው። የመኪናው ራዳር ከፊት መከላከያው አካባቢ ተቀምጦ የሚጮኸው በራዲዮ ሞገድ ነው፤ የሞገዱም ቁጥር 77 ጊጋ ኸርዝ ገደማ፥ የአንዱ ሞገድ ርዝመትም 4 ሚሊ ሜትር ያህል ነው። ችግሩ የራዲዮ ሞገድ እንደ ድምፅ አይዘገይም። በሰከንድ 300,000 ኪሎ ሜትር ስለሚሄድ፥ 60 ሜትር ርቆ ካለ መኪና ደርሶ ለመመለስ የሚፈጅበት ጊዜ ከአንድ ሚሊዮንኛ ሰከንድ ግማሽ እንኳ አይሞላም። ይህን በሰዓት መለካት ያስቸግራል።

መሐንዲሶቹ ያገኙት መላ እኛን የአርት ተማሪዎቹን ከሁሉ ይልቅ ያስደሰተን ነው፤ ነገሩ ሙዚቃ ነውና። አንድ ዘፋኝ በገደሉ ፊት ቆሞ ድምፁን ሳያቋርጥ እያቀጠነ ቢሄድ፥ የማሚቶው ድምፅ ሲመለስ ዘፋኙ ከዚያ በላይ ወጥቶ ይገኛል። ማሚቶው የቆየ ዜማ ነው። በሁለቱ ድምፆች መካከል ያለው ልዩነት ሲሰፋ ገደሉ ሩቅ መሆኑን ያውቃል። የክራር ሁለት ጅማቶች እኩል ሳይቃኙ ሲቀሩ አብረው ሲመቱ የሚሰማውን መንቀጥቀጥ ያስታውሷል፤ ራዳሩም የሚቆጥረው እንዲሁ ያለውን መንቀጥቀጥ ነው። የሚልከውን ሞገድ እያቀጠነ ይወጣል፥ ከተመለሰው ጋር ያጋጨዋል፥ ከልዩነቱም ርቀቱን ያሰላል።

ፍጥነቱን ደግሞ የሚያውቀው በሌላ መንገድ ነው። አምቡላንስ እየጮኸ በአራት ኪሎ ሲያልፍ ወደ እኛ ሲመጣ ድምፁ ይቀጥናል፥ አልፎን ሲሄድ ይወፍራል። ወደ ራዳሩ እየቀረበ ካለ ነገር ላይ ነጥሮ የሚመለስ ሞገድም እንዲሁ ጥቂት ይቀጥናል። ከፊት ያለው መኪና ከኛ ይልቅ በሰከንድ 10 ሜትር የሚዘገይ ቢሆን ለውጡ 5,100 ኸርዝ ያህል ነው። ከ77 ቢሊዮኑ ጋር ሲነጻጸር ኢምንት ነው፤ ቢሆንም ይለካል። ስለዚህ ራዳሩ ሁለት ነገር በአንድ ጊዜ ያውቃል፤ ያ ነገር ምን ያህል ሩቅ እንደሆነ፥ በምን ያህል ፍጥነትም ወደ እኛ እንደሚቀርብ። ይህ ሁለተኛው ዕውቀት ከሞጆው ጉዳይ ጋር የተያያዘ ስለሆነ አንባቢ ይያዝልን።

አሁን ወደ አእምሮው እንምጣ። ሾፌሩ የሚያዘው በሜትር ሳይሆን በሰከንድ ነው። «ከፊተኛው ሁለት ሰከንድ ራቂ» ማለት ፊተኛው መኪና አንድ ምሰሶ ካለፈ በኋላ እኛ ያንኑ ምሰሶ የምናልፈው ከሁለት ሰከንድ በኋላ ይሁን ማለት ነው። በሰዓት 100 ስንሄድ ይኸ 56 ሜትር ያህል ይሆናል፤ በ60 ስንሄድ ግን 33 ሜትር ይበቃል። ርቀቱ ከፍጥነቱ ጋር አብሮ ይሰፋል፥ አብሮ ይጠባል። (በከተማችን መንገድ 56 ሜትር ባዶ ቦታ ትቶ የሚሄድ ሰው ቢገኝ ያንን ቦታ ሦስት ሚኒባስ ታክሲ እንደሚገባበት አንባቢ ያውቃል። መኪናዪቱም ባለ ታክሲ በገባባት ቁጥር እንደገና ወደኋላ ትላለች፤ ጋሼ ይህን «ትሕትና» ይሉታል።)

በምሳሌ እንየው። እኛ በ100 እንሄዳለን፤ ከፊታችን 150 ሜትር ላይ በ70 የሚሄድ ጭነት አለ። በመጨረሻ ከርሱ ኋላ በ70፥ በ39 ሜትር ርቀት እንድንሆን ይፈለጋል። እንግዲህ የሚባክነው 111 ሜትር ነው፤ በዚህም ውስጥ የ30 ኪሎ ሜትሩን ልዩነት ማጥፋት አለብን። ስሌቱ በየሰከንዱ በሰከንድ 0.3 ሜትር ብቻ እንድንቀንስ ያዛል፤ ተሳፋሪው አይሰማውም። ያው ጭነት በ60 ሜትር ላይ ድንገት ቢገባብን ግን የሚፈለገው ቅነሳ ከ5 እጥፍ በላይ ይሆናል፤ ያን ጊዜ ይሰማናል። መኪናዪቱ ይህን ሒሳብ በየሰከንዱ ደጋግማ ትሠራለች። ለመቀነስ አስቀድማ ሞተሩን ታለዝባለች። የኤሌክትሪክ መኪና ከሆነች ሞተሩ ራሱ እንደ ዲናሞ ሆኖ ኃይሉን ወደ ባትሪ እየመለሰ ይይዛታል፤ ያ ካልበቃ ፍሬኑን ትይዛለች።

ነገር ግን ፍሬኑን እስከ መጨረሻው እንድትይዝ ሥልጣን አልተሰጣትም። ርቀት ጠባቂ በከፍተኛ ፍጥነት ላይ ሲሆን በተለመደው ደንብ በየሰከንዱ በሰከንድ 3.5 ሜትር ከመቀነስ አያልፍም፤ በደረቅ አስፋልት ላይ አጥብቆ የተረገጠ ፍሬን ግን ከዚህ እጥፍ በላይ ይችላል። ምክንያቱም ርቀት ጠባቂው ለምቾት የተሠራ መሣሪያ እንጂ ከአደጋ ማዳኛ አይደለም። አደጋ ሲመጣ በራሱ ፍሬን የሚይዝ ሌላ መሣሪያ አለ፤ ሰዎች ሁለቱን አንድ ያደርጓቸዋል፤ እኛም እስከ ሞጆ ድረስ ከነዚሁ ሰዎች ነበርን።

ወደ ቆመው ጭነት እንመለስ። ራዳሩ አይቶታል። ጥፋቱ የዓይን አይደለም። በሰዓት 70 ስንሄድ የቆመ ነገር ሁሉ ወደኛ የሚመጣው በ70 ነው፤ የመንገድ ምልክቱ፥ የብረት አጥሩ፥ ድልድዩ፥ መሬት ላይ የወደቀች ቆርቆሮ ሳይቀር። ሁሉም ማሚቶ ይልካሉ፤ ብረት ደግሞ ትንሽም ቢሆን አጥብቆ ይጮኻል። ራዳር ያውም በተለይ የቆዩት ዓይነቶች የነገሩን ከፍታ በደንብ አይለዩም፤ ከበላይ የሚያልፍ ድልድይና በመንገድ ላይ የቆመ መኪና ይመሳሰሉባቸዋል። መኪናዪቱ ለዚህ ሁሉ ፍሬን ብትይዝ በየመቶ ሜትሩ እየቆመች ተሳፋሪውን ታንገላታለች፥ ከኋላ የሚመጣውም ይገጫታል። ስለዚህ ሠሪዎቹ በከፍተኛ ፍጥነት ላይ ስትሆኚ፥ ሲንቀሳቀስ አይተሽው የማታውቂውን ነገር ንቀሽ እለፊ ብለው አስተማሯት። ከፊቷ ሲሄድ የነበረ መኪና ቀንሶ ቢቆም አብራው ትቆማለች፤ ቀድሞ ያወቀችው ነውና። ከጠዋት ጀምሮ ቆሞ የዋለውን ጭነት ግን እንደ መንገድ ምልክት ቆጥራ ታልፈዋለች። ድንጋዩና ቅጠሉማ ለርሷ ከነጭራሹ የሉም፤ ያ ምልክት የተጻፈው ለሰው ዓይን ነው።

በካሜራ የታገዙት አዳዲሶቹ መኪናዎች በዚህ ረገድ ብዙ ተሻሽለዋል። ሆኖም በብዙዎቹ የመመሪያ መጽሐፍ ላይ ለቆመ መኪና ላይቀንስ ይችላል የሚል ማስጠንቀቂያ እስከ ዛሬ ይገኛል። የጋሼን መመሪያ መጽሐፍ ተበድረን አየነው፤ ይኸው ቃል አለበት። መጽሐፉ ከነላስቲኩ ነበር።

ከዚህ ሌላ መጠምዘዣ ላይም ትቸገራለች። ራዳሩ ቀጥ ብሎ ወደፊት ስለሚያይ መንገዱ ሲጠመዘዝ ስትከተለው የነበረው መኪና ከፊቷ ይሰወራል፤ ነጻ የወጣች መስሏት ልትፈጥን ትችላለች። ለዚህ የመሪውን መዞር እያነበበች መንገዱን ለመገመት ትሞክራለች፤ ሁልጊዜ አይሳካላትም።

በመንገድ ላይ ስለሚፈጠረው መጨናነቅ ደግሞ አንድ አስገራሚ ነገር አግኝተናል። በ2008 የጃፓን ተመራማሪዎች ባወጡት ጥናት 22 መኪናዎች ዙሪያው 230 ሜትር በሆነ ክብ መንገድ ላይ እኩል እንዲነዱ ተደረጉ። ምንም እንቅፋት ሳይኖር፥ አንዱ ጥቂት ሲቀንስ ኋለኛው ጥቂት አብልጦ እየቀነሰ፥ በመጨረሻ ፈጽመው የሚቆሙ መኪናዎች ታዩ። ርቀት ጠባቂ ይህን በሽታ ይፈውሳል ተብሎ ተስፋ ተደርጎ ነበር፤ በ2016 በአሪዞና በተደረገ ሙከራም በልዩ ብልሃት የተመራ አንድ መኪና ብቻ ሃያ የሚያህሉ መኪናዎችን ማዕበል አብርዷል። በገበያ ላይ ያሉትን 7 ዓይነት መኪናዎች የፈተኑ አሜሪካኖች በ2019 ያወጡት ውጤት ግን ተቃራኒ ሆነ፤ ሁሉም የፊተኛውን መቀነስ አጉልተው ለኋለኛው ያስተላልፋሉ። መኪናው የሚያየው አንድ ፊቱን ያለውን ብቻ ነው፤ አይቶ እስኪወስንም ጥቂት ይዘገያል። በመካከሉ የጠፋችውን ጊዜ በኋላ አብዝቶ በመቀነስ ይከፍላታል።

የሰውየው ነገር ቀረን። በ2021 የአሜሪካ የአውራ ጎዳና ደኅንነት የኢንሹራንስ ተቋም ባወጣው ጥናት፥ ርቀት ጠባቂውን የከፈቱ ሾፌሮች ከተፈቀደው ፍጥነት በላይ የመሄዳቸው ዕድል ካልከፈቱት በ24 በመቶ ይበልጥ ነበር። መሣሪያው የታዘዘውን ስለሚፈጽም ከሕግ በላይ የሆነ ቁጥር ቢሰጠውም አይከራከርም። ይህ ለኛ የሩቅ አገር ወሬ አይደለም። በ2024 በነዳጅ የሚሠሩ የግል መኪናዎች ወደ አገራችን እንዳይገቡ ከተከለከለ ወዲህ የሚገቡት የኤሌክትሪክ መኪናዎች ናቸው፤ ከነዚህም ብዙዎቹ ይህን መሣሪያ ይዘው ይመጣሉ። መንጃ ፈቃድ ያወጡ ጓደኞቻችንን ብንጠይቅ ግን ስለዚህ ነገር በትምህርታቸው አንድ ቃል እንኳ የሰማ አላገኘንም።

ያገኘነውን ሁሉ ለጋሼ ስናስረዳቸው በዝምታ ሰሙን። ስለ ሞገዱም ስለ ክራሩም ግድ አልሰጣቸው። «እንግዲያ በክፍያው መንገድ ላይ ብቻ ነው የምከፍታት» አሉ፤ ቀጥለውም «እዚያስ ጭነት አይበላሽም?» ብለው ጠየቁን። ይበላሻል አልናቸው።