መብትህን የሚጠብቅልህ ማን ነው?

በብዙ አገሮች ሕገ መንግሥት ውስጥ የዜጋ መብት የተጠበቀ መሆኑ ተጽፎ ታገኛለህ። ነገር ግን «የሚጠብቀው ማን ነው?» ብለህ ጠይቀህ ታውቃለህን?

ሕንድን ተመልከት። እ.ኤ.አ. በ1950 በሥራ ላይ የዋለው ሕገ መንግሥቷ፣ መሠረታዊ መብቱ የተነካበት ሰው በቀጥታ ለጠቅላይ ፍርድ ቤት አቤት እንዲል በአንቀጽ 32 ፈቅዷል። ይሁን እንጂ በ1976፣ አስቸኳይ ጊዜ ታውጆ ሳለ፣ ያለ ፍርድ የታሰሩ ሰዎች አቤት ቢሉ ይኸው ፍርድ ቤት በሩን ዘጋባቸው። ከአምስቱ ዳኞች የተቃወመው ካና የተባለው ብቻ ነበር። በ1978 ግን ሕጉ ተሻሽሎ፣ የሕይወትና የግል ነጻነት መብት ጥበቃ በአስቸኳይ ጊዜም እንዳይታገድ ተደረገ።

በአሜሪካ ደግሞ በ1961 ክላረንስ ጊዲየን የተባለ ድኻ በፍሎሪዳ በስርቆት ተከስሶ ጠበቃ ቢለምን ተከለከለ፤ 5 ዓመትም ተፈረደበት። ከወኅኒ ቤት በእርሳስ የጻፈው አቤቱታ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደረሰና፣ በ1963 በከባድ ወንጀል የተከሰሰ ድኻ ሁሉ ጠበቃ ይቁምለት ተባለ። እርሱም ጠበቃ ቆሞለት እንደገና ቢዳኝ በነጻ ተለቀቀ።

እንግዲህ ጠባቂዎቹ የጸና ሕግ፣ የማይፈራ ዳኛና ዝም የማይል ዜጋ ናቸው። አራተኛው አንተ ነህ። የአገራችን የ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 19 የተያዘ ሰው በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት እንዲቀርብ ያዛል። የእስረኛ መዝገብ በእጅህ የገባ እንደ ሆነ «ነገ ይደርሳል» አትበል፤ ወረቀቱ በጠረጴዛህ ላይ ሲያድር ሰውየው በእስር ቤት ያድራልና።