ከፎቶው ጀርባ ያልተጻፈው ስም

ደራሲዋ መዓዛ መንግሥቴ ስለ ጣሊያን ወረራ ልቦለድ ለመጻፍ ስትነሳ ቤተ መዛግብት ብቻ አልበቃትም። ጣሊያን አገር የአሮጌ ዕቃ ገበያ እየዞረች፣ ወታደሮች ኢትዮጵያ ውስጥ ያነሷቸውን ፎቶግራፎች ለዓመታት ሰበሰበች። ስብስቡን «ፕሮጀክት 3541» አለችው፤ ቁጥሩ እ.ኤ.አ. ከ1935 እስከ 1941 ያለውን ዘመን ያመለክታል።

እነዚህን ፎቶዎች እንዳሉ መቀበል አይቻልም። ካሜራውን የያዘው ወራሪው ነው። ማን ፊት ለፊት እንዲቆም፣ ማን ከዳር እንዲቀር የወሰነውም እሱ ነው። የቆመችው ሴት ስም አብዛኛውን ጊዜ የለም። እ.ኤ.አ. በ2019 በወጣው ልቦለዷ «ዘ ሻዶው ኪንግ» ውስጥ «ፎቶ» የተባሉ አጫጭር ክፍሎች አሉ። እዚያ መዓዛ ምስሉን በቃል ትስልና ካሜራው ያልያዘውን ፍርሃትና እልህ ትጨምርበታለች። የአባቷን ውጅግራ ጠመንጃ የተቀማችውን የልቦለዱን ገጸ ባሕርይ ሂሩትን ከብዙ ዓመት በኋላ፣ አንድ ጣሊያናዊ ወታደር ያነሳቸው ፎቶዎች የታጨቁበትን ሳጥን ይዛ ለገሃር ባቡር ጣቢያ ተቀምጣ እናገኛታለን። አሁን መዝገቡ በእሷ እጅ ነው።

ትልቁ ነገር ግን ከየትኛውም መዝገብ አልተገኘም። መዓዛ ዓመታት ከደከመች በኋላ የገዛ እናቷ የቅድመ አያቷን የጌጤን ታሪክ ነገሯት። ክተት ሲታወጅ የጌጤ አባት ለዘመቻ የደረሰ ወንድ ልጅ አልነበራቸውምና ጠመንጃቸውን ለባሏ ሊሰጡ አሰቡ። ጌጤ በኩርነቷን ጠቅሳ አባቷን ከሰሰች፤ ረታች፤ ጠመንጃውን ይዛ ዘመተች። ሰነዱ ምስል ሰጥቷት ነበር፤ ስም የሰጣት የእናት አፍ ነው።

ይህን የሚሰማ የወልቂጤ ወይም የቡታጅራ ሰው የጉራጌዋ የቃቄ ወርድወት ትዝ ትለዋለች። በ19ኛው ክፍለ ዘመን የጆካ በተባለው የጉራጌ ባህላዊ ሸንጎ ፊት ቆማ ስለ ሴቶች የጋብቻ መብት የተሟገተችው ወርድወት ፎቶ የላትም፤ እዚህ ያደረሳት ትረካ ነው። በጽሑፍ በኩል ጉራጌን በጥልቀት ካጠኑት አንዱ ዊልያም ሻክ፣ ጥቁር አሜሪካዊ ነበር። ስለ ጉራጌና ስለ እንሰት ባህል የጻፈው መጽሐፍ እ.ኤ.አ. በ1966 ታተመ።   ሆኖም የየቤቱን ስም ጽፎ የሚጨርስ አጥኚ የለም፤ እሱ የባለቤቱ ሥራ ነው።

በየቤታችን በስቱዲዮ መጋረጃ ፊት የቆመች ሙሽራ፣ ጋቢ የደረበ አባት አለ። ማን እንደሆኑ የሚያውቁት አያቶች ብቻ ናቸው። መስቀል ሲደርስ ከአዲስ አበባና ከየአገሩ አገር ቤት የምትገቡ ሁሉ፣ ክትፎው ከተበላ በኋላ አልበሙን አውርዱ። አያቶችን አንድ በአንድ እያሳያችሁ ጠይቁ፤ ስሙን ከነአባቱ፣ መንደሩንና ዓመቱን ከጀርባው በለስላሳ እርሳስ ጻፉ። እስክሪብቶ አትጠቀሙ፤ ቀለሙ ዘልቆ ምስሉን ሊያበላሽ ይችላል።