«ፓርት ታይም ነህ» የተባለው መምህር

በአንድ የነሐሴ ምሽት ባልና ሚስት የሆኑ የጉባኤያችን አባላት ሆሳዕና ወደሚገኘው ቤታችን መጡ። ባለቤቴ መጋቢ ስለሆነ ማታ በራችን ሲንኳኳ አንደነግጥም። ሁለተኛው ቡና እስኪቀዳ ባልየው ስለ ዝናቡ ብቻ አወራ። በመጨረሻ ሚስቲቱ፣ «እትዬ፣ ደቡብ አፍሪካ ልሂድ እያለኝ ነው» ብላ አለቀሰች።

ነገሩ እንዲህ ነው። ጠዋት በመንግሥት ትምህርት ቤት ያስተምራል። በሳምንት ሦስት ቀን ከሰዓት በኋላ ደግሞ በአንድ የግል ትምህርት ቤት ሒሳብ ሲያስተምር አራት ዓመቱ ነው፤ የሚከፈለው በክፍለ ጊዜ ተቆጥሮ ነው። የግንቦትና የሰኔ ሳይከፈለው ቀረ። ነሐሴ ላይ ሲጠይቅ፣ «አንተ ፓርት ታይም ነህ፤ ውል የለህም። ለመስከረም ሌላ ሰው ይዘናል» ተባለ። ይህን ሁሉ ከሚስቱ ደብቆ ነበር። እሷ ደግሞ ገንዘቡ ወዴት እንደሚሄድ እያሰበች ሁለት ወር ሙሉ እንቅልፍ አልነበራትም። የጠዋቱ ደመወዝ እንኳ ሁልጊዜ የሚያስተማምን አይደለም፤ በ2016 ዓ.ም. በሀዲያ ዞን በአንዳንድ ወረዳዎች የመምህራን ደመወዝ ለወራት ሲዘገይ ያየን እናውቀዋለን።

እኔ ሕግ አልተማርኩም፤ የተማርኩት መጽሐፍ ቅዱስ ነው። ነገር ግን የአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 የተጻፈው በአማርኛ ነው፤ ከፍተን ብናነበው ምን ይለናል? በአዋጁ መሠረት ሠራተኛ የሚባለው በአሠሪው መሪነት ደመወዝ እየተከፈለው የሚሠራ ሰው ነው። እንግዲህ ጠይቁ፤ የክፍለ ጊዜውን ድልድል የሚያወጣው ማን ነው? የትምህርት ዕቅዱን የሚያጸድቀው፣ የፊርማ መዝገቡን የሚይዘውስ? በራሱ ኃላፊነት እየዞረ በየቤቱ የሚያስጠና ሰው ጉዳይ ሌላ ሊሆን ይችላል። ሰዓቱ ማነሱ ግን ብቻውን ሠራተኛነትን አያሳጣም።

«ውል የለህም» የሚለውም ያን ያህል የሚያስፈራ አይደለም። ውሉ በጽሑፍ አለመሆኑ የሠራተኛውን መብት አያስቀርም። ደግሞም የሥራ ውል ሕጉ ከዘረዘራቸው ምክንያቶች በስተቀር ላልተወሰነ ጊዜ እንደተደረገ ይቆጠራል። ከምክንያቶቹ መካከል የታመመን ወይም ፈቃድ የወጣን ሰው መተካት ይገኝበታል። አራት ዓመት ያንኑ ሒሳብ ማስተማር ከዚህ ጋር ይመሳሰላል? ትምህርት ቤቱም የራሱ ክርክር ይኖረዋል፤ የሚወስነው ፍርድ ቤት ነው። ለእንዲህ ያለው ክስ የዳኝነት ክፍያ አይጠየቅም። (በመንግሥት ሥራው ላይ ቅሬታ ቢኖረው ግን መንገዱ ሌላ ነው፤ የሚታየው በሲቪል ሰርቪስ ሕግ ነው።)

ብዙዎች የሚጎዱት በጊዜው ነው። ወደ ሥራ ልመለስ የሚል ክስ ሥራው ከተቋረጠ በ3 ወር ውስጥ መቅረብ አለበት። ያልተከፈለ ደመወዝ ደግሞ መከፈል ከነበረበት ቀን ጀምሮ በ6 ወር ውስጥ ይጠየቃል። ሰኔ መጨረሻ የተሰናበተ መምህር ክረምቱን በትዕግሥት ካሳለፈ፣ መስከረም ሳያልቅ የመመለስ ጥያቄው ይርጋ ያግደዋል።

ባልየው ይህን ሲሰማ፣ «አማኝ አማኝን ይከሳል እንዴ?» አለኝ። የትምህርት ቤቱ ባለቤት የሌላ ጉባኤ ሽማግሌ ናቸው። 1ኛ ቆሮንቶስ 6ን አብረን አነበብን። ጳውሎስ የሚወቅሰው ከሳሹን ብቻ መስሎን ኖሯል፤ ቁጥር 8 ላይ ወንድሙን የሚበድለውንም ይወቅሳል። ስለዚህ አስቀድሞ በሽማግሌዎች ይታይ አልን። ዳሩ ግን ሽማግሌ ሲመላለስ ቀኑም ይቆጠራል። አሠሪው ዕዳውን በግልጽ ካመነ ቆጠራው ይቋረጣል፤ ስለዚህ እምነቱ በቃል ሳይቀር በጽሑፍ ይሁን ብዬ ለመንኩ።

አሁን ወደ ራሳችን ልምጣ። በሆሳዕና፣ በዱራሜ፣ በሺንሺቾ መዋዕለ ሕፃናትና ትምህርት ቤት ያላቸው አብያተ ክርስቲያናት አሉ። የከሰዓት መምህርቷ ደመወዝ ስትጠይቅ «ለጌታ ነው የምትሠሪው» የምንል ሽማግሌዎችና የቦርድ አባላት የለንም? ሕጉ በሃይማኖትና በበጎ አድራጎት ድርጅቶች ያለ የሥራ ግንኙነት ከአዋጁ ውጭ እንዲሆን የሚኒስትሮች ምክር ቤት በደንብ ሊወስን እንደሚችል ይናገራል። ቤተ ክርስቲያን መሆን ብቻውን ነጻ ያወጣል ግን አላለም። ላባም የያዕቆብ ዘመድ ነበር፤ ደመወዙን ግን አሥር ጊዜ ለዋወጠበት። ዘዳግም 24፥15ን በሚቀጥለው የቦርድ ስብሰባችሁ ላይ አንብቡት፤ ከዚያም የደመወዝ መክፈያውን መዝገብ ክፈቱ።

ባልና ሚስቱ በሳምንቱ ከሁለት ሽማግሌዎች ጋር ሄዱ። ሚስቲቱ የአራት ዓመቱን ክፍለ ጊዜ ከባልዋ ደብተሮች እየቆጠረች በአንድ ወረቀት ጽፋ ይዛ ነበር። ባለቤቱ መጀመሪያ ተቆጡ፤ ወረቀቱን ሲያዩ ዝም አሉ። የሁለቱን ወር ዕዳ በሁለት ጊዜ ለመክፈል ጽፈው ፈረሙ፤ የመጀመሪያው ተከፍሏል። ወደ ሥራው የመመለሱ ጉዳይ ገና አልተቋጨም፤ እስከ ኅዳር ጊዜ አለው። የደቡብ አፍሪካው ወሬ ለጊዜው ቆሟል። የተፈረመውን ወረቀት የምታስቀምጠው እሷ ናት።