ደም መጣጩ ልጅና የአገራችን ቡዳ

በዚህ ጽሑፍ ልናስረዳ ያሰብነው ስለ አንድ የሚያስፈራ ፊልም ነው። አንባቢ ግን ስለ ሲኒማ ጥበብ ትችት እንጽፋለን ብሎ እንዳይጠብቅ አስቀድመን እንለምናለን፤ ለዚያ የሚበቃ ዕውቀት የለንም። ፊልሙን ያየነው በመኝታ ቤት ውስጥ፣ በአንድ ጓደኛችን ኮምፒዩተር ላይ፣ ስድስት ተማሪዎች ተሰብስበን ነው። ሲያልቅ እኛ «ይህ እኮ የቡዳ ነገር ነው» ብንል የቀሩት አምስቱ ሳቁብን። «አንተ የድሬዳዋ ልጅ፤ በከተማ ያደገ ሰው ስለ ቡዳ ምን ያውቃል?» ያለንም ነበር። የዚህ ጽሑፍ መነሻ ያ ሳቅ ነው።

ፊልሙ የስዊድን ሲሆን የወጣው በ2008 ነው። (ዓመቶቹን የምንጽፈው እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ነው፤ የኛ ሲሆን ዓ.ም. እንላለን።) ያዘጋጀው ቶማስ አልፍሬድሶን ይባላል። ታሪኩ የተወሰደው ዮን አይቪደ ሊንድክቪስት በ2004 ካሳተመው ልብ ወለድ ነው፤ የፊልሙንም ጽሑፍ ያዘጋጀው ራሱ ደራሲው ነው። ስሙ ወደኛ ቋንቋ ቢመለስ «የሚገባውን አስገባው» እንደ ማለት ይሆናል። አሜሪካኖችም በ2010 ታሪኩን ወደ አገራቸው ወስደው እንደ ገና ሠርተውታል፤ እኛ ግን የምንናገረው ስለ ስዊድኑ ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ከስቶክሆልም ከተማ ዳር ባለ ሰፈር፣ በረዶ በሸፈነው ክረምት፣ ኦስካር የሚባል የ12 ዓመት ልጅ ከእናቱ ጋር ይኖራል። አባቱ ሌላ ቦታ ነው። የክፍል ጓደኞቹ ዕለት ዕለት ያስጨንቁታል፤ ይሰድቡታል፣ ይገርፉታል። እርሱ ለእናቱ አይናገርም። ማታ ማታ ወደ ግቢው ይወጣና ዛፉን በቢላዋ እየወጋ ጠላቶቹን የወጋ ይመስለዋል። በዚህ ጊዜ ኤሊ የምትባል ልጅ ከአንድ ሽማግሌ ሰው ጋር መጥታ ከጎረቤቱ ትገባለች። በበረዶ ላይ በባዶ እግሯ ትሄዳለች፤ ቀን አትታይም። ዕድሜዋም 12 ነው፤ ነገር ግን 12 ዓመት ከሆናት እጅግ ብዙ ዘመን አልፏል። ኤሊ የሰው ደም ካልጠጣች አትኖርም። ሁለቱ ልጆች ይዋደዳሉ፤ በመካከላቸው ባለው ግድግዳ እየቆረቆሩ በሞርስ ፊደል ይነጋገራሉ። መልሶ እንዲመታ የመከረችው እርስዋ ናት፤ በመጨረሻም በመዋኛው ውስጥ ራሱን ውሃ ውስጥ ደፍቀው ሊገድሉት ሲሉ ደርሳ ታድነዋለች። እንዴት እንዳዳነችው ላላዩት አንነግርም።

ከሁሉ ይልቅ የነካን ግን የበሩ ነገር ነው። ደም መጣጭ ባለቤቱ «ግባ» ካላለው ወደ ሰው ቤት አይገባም፤ ይህ በአውሮፓ ተረት የታወቀ ሕግ ነው። ኦስካር ግን ሊፈትናት ፈልጎ ዝም ይላል። ኤሊ ሳትጋበዝ ትገባለች፤ ወዲያው ከዓይኗ፣ ከጆሮዋ፣ ከገላዋ ሁሉ ደም ይፈስሳል። ልጁ ደንግጦ መግባት እንደምትችል ይጮኻል። አንዲት ቃል ነበረች የጎደለችው።

የአውሮፓ ደም መጣጭ በመሠረቱ ሬሳ ነው። በ1725፣ ደግሞም በ1731 እና 1732፣ በኦስትሪያ ግዛት ሥር በነበሩ የሰርቢያ መንደሮች ሰዎች በተከታታይ ሲሞቱ «የሞቱት እየተነሡ ደማችንን መጠጡ» ተባለ፤ መቃብር ተቆፈረ፤ የጦር ሐኪሞችም መጥተው ያዩትን በወረቀት ጻፉ። ሬሳው አብጦ፣ በአፉ ደም ወጥቶ ተገኘ። ዛሬ ይህ የመበስበስ ተፈጥሮ ሥራ መሆኑ ይታወቃል፤ በሆድ የሚጠራቀመው አየር ሬሳውን ይነፋል፣ ፈሳሹንም ወደ አፍ ይገፋል። ንግሥት ማርያ ቴሬዛ በ1755 ሐኪማቸውን ጌራርድ ቫን ስዊተንን ካስመረመሩ በኋላ መቃብር መቆፈሩን በሕግ ከለከሉ። በ1897 ደግሞ አየርላንዳዊው ብራም ስቶከር በልብ ወለዱ ደም መጣጩን ባላባት አደረገው፤ ግንብና ማዕረግ ሰጠው። ከዚያ ወዲህ በሲኒማ የምናየው አብዛኛው የእርሱ ልጅ ነው።

የኛ ቡዳ ሬሳ አይደለም፤ ባላባትም አይደለም። ጎረቤት ነው። ለባዕድ አንባቢ ለማስረዳት ያህል፣ ቡዳ የሚባለው ዓይኑን ጥሎ ሰውን «ይበላል» የሚባል ሰው ነው። የተበላው ሰው ሆዱን ይቆርጠዋል፣ ይከሳል፣ ይለፈልፋል። ሲለፈልፍም የሚናገረው ራሱ ሳይሆን የበላው ሰው ነው ይባላል፤ «ማን ነህ? የት አገኘኸው?» እየተባለ ይጠየቃል፤ ስም እስኪጠራ ድረስ ያጨሱበታል። ቡዳ ሌሊት ጅብ ይሆናል የሚለውንም ሁላችን በልጅነት ሰምተናል። መከላከያው ክታብ፣ ጤና አዳምና ነጭ ሽንኩርት ነው። (ነጭ ሽንኩርቱ በአውሮፓም የደም መጣጭ መከላከያ መሆኑ አስገርሞናል።) በምግብ ጊዜ በነጠላ መከለል፣ የሕፃንን መልክ አለማድነቅ፣ አድናቂም ካለ እንትፍ ማለት፣ ሁሉ ከዚሁ የመጣ ነው።

ታዲያ ቡዳ የሚባለው ማን ነው? ማንም አይደለም ለማለት አይቻልም፤ አድራሻው የታወቀ ነው። ብረት ቀጥቃጩ፣ ሸክላ ሠሪዋ፣ ቆዳ ፋቂው፣ በሰሜን ደግሞ ቤተ እስራኤል። ሮናልድ ሬሚኒክ የተባለው አሜሪካዊ በሰሜን ሸዋ በመንዝ አጥንቶ በ1974 ባሳተመው ጽሑፍ ቡዳ የሚባሉት ርስት የሌላቸው ባለ እጆች እንደ ሆኑ፣ ባለ ርስቱም የሚፈራው የእነርሱን ቅናት እንደ ሆነ አስረድቷል። ይህን በቀላል ቋንቋ ስንናገረው፣ መሬቱን የከለከሉት ሰው እንጀራቸውን ሲያይባቸው ፈሩ ማለት ነው። ማረሻውንና ምጣዱን ከእጁ ይገዛሉ፤ ከማዕዳቸው ግን አያስጠጉትም። ዳግማዊ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ብረት ሠሪውንና ሸማኔውን የመሰሉትን ባለሙያዎች በሥራቸው መስደብ እንዲቀር አዋጅ አስነግረው ነበር። ከማርያ ቴሬዛ ሕግ ጋር ሲተያይ፣ በዚያ የሞተው እንዳይነካ ተከለከለ፤ በዚህ ሕያው እንዳይሰደብ። የኛው አዋጅ የከበደ ይመስለናል፤ ምክንያቱም ሬሳ ተሰደብሁ ብሎ አይከስም፣ ልጅም የለውም ትምህርት ቤት የሚሄድ።

ፊልሙ የቡዳ ነገር ነው ያልነው እንግዲህ በዚህ ነው፤ ግን አንድ ትልቅ ልዩነት አለው። በስዊድኑ ታሪክ የሚገረፈው ልጅ አንድ ነው፣ የሚያስፈራው ልጅ ሌላ ነው፤ ሁለቱ ይገናኛሉ፣ አንዱ ሌላውን ያድናል። በኛ አገር ሁለቱ አንድ ልጅ ናቸው። የሚያስጨንቁት ስለሚፈሩት ነው፤ እየተጨነቀም የሚያድነው ሌላ የለውም፤ ከተባለለት ፍርሃት በቀር።

ለዚህ ደኅና ምስክር የሚሆን አንድ የቆየ ታሪክ አለ። በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ በትግራይ የኖረው እንግሊዛዊ ናትናኤል ፒርስ ከሞተ በኋላ በ1831 በታተመው መጽሐፉ ውስጥ ኮፊን ስለ ተባለው ጓደኛው አሽከር የተጻፈ ነው። ወጣቱ አሽከር እስከ ማግሥቱ ፈቃድ ይጠይቃል፤ ይፈቀድለታል። ወዲያው የቀሩት አሽከሮች «ተመልከት፣ ጅብ ሆነ!» ብለው ይጮኻሉ። ኮፊን ዞር ሲል ልጁ የለም፤ ዛፍም ቍጥቋጦም በሌለበት ሜዳ አንድ ጅብ ሲሮጥ ያያል። ሲለወጥ ግን አላየም። ሌላው ሰው ሁሉ ስለ ጅቡ ይከራከራል፤ እኛን የገረመን የማግሥቱ ነገር ነው። ልጁ ተመልሶ ሲመጣ ጓደኞቹ ያሾፉበታል፤ እርሱም አልሆንሁም ብሎ ከመካድ ይልቅ እውነት የሚያስመስል ሁኔታ አሳየ ይላል ጸሐፊው። ለምን አልካደም? ቢክድ የሚያምነው የለም። ዝም ቢል ግን ቢያንስ አንድ ሌሊት የሚፈራ ሰው ሆኖ ያድራል።

አሁን ወደ አገራችን ወደ ድሬዳዋ እንመለስ፤ ጓደኛችን «ምን ታውቃለህ» ያለን ስለ እርስዋ ነውና። ድሬዳዋ የብረት ልጅ ናት። ከጅቡቲ የተነሣው ባቡር የሐረርን ተራራ መውጣት ስላልቻለ በ1902 ከሜዳው ላይ ቆመና ከተማዋ ተቆረቆረች። የባቡሩ መጠገኛ በከዚራ ስለ ነበረ ብረት የሚያቀልጥ፣ የሚቀጠቅጥ፣ የሚበይድ ሰው በዚያ የተከበረ ነበር። ፈረንሳይኛ ይናገራል፤ ደመወዝ አለው፤ ልጁን ሊድሩለት ይሽቀዳደማሉ። ያው እሳትና ያው መዶሻ በደጋ ቡዳ ሲያሰኝ በድሬዳዋ «ሙሴ» አሰኘ። የዱሮው ባቡር ቆሞ አዲሱ በ2018 ሥራ ከጀመረ ወዲህም ጣቢያው ከከተማው ውጭ ቢሆን ያ ክብር በሽማግሌዎች አፍ አልጠፋም።

ሐረር ደግሞ ከኛ 50 ኪሎ ሜትር ያህል ብትሆን ነው፤ ከዚያ ያለው ጅብ ሌላ ጅብ ነው። በግንቡ ሥር ለጅብ መግቢያ የተተወ ቀዳዳ አለ፤ ሌሊት እየገባ የከተማውን ጥራጊ ይበላል። ጂኒን ይበላልናል ይላሉ እንጂ ሰውን ይበላል ብለው አይሸሹትም። የዓሹራ ዕለትም ገንፎ ያቀርቡለታል። የሚገባውን አስገባው ማለት ይህ ነው ብለን ለጓደኞቻችን ብንነግር በዚህ አልሳቁም።

በእንዲህ ያለ አገር ቡዳ ሊኖር አይገባም ነበር። ነገር ግን ሰው ከደጋ ሲወርድ ፍርሃቱን በጓዙ ውስጥ ይዞ ይወርዳል፤ የኛም ቤተ ሰብ እንዲሁ ነው። አራተኛ ክፍል ሳለን አንድ ልጅ አዲስ ገባ። አባቱ ሳቢያን ውስጥ አልጋና በር ይበይዳል። የአንዱ ተማሪ አያት ዘራቸውን አጣርታ «ባለ እጅ ናቸው» አለች፤ በሳምንቱ ልጁ «ጅቦ» ተባለ። በምሳ ሰዓት እርሱ ሲያልፍ ምሳ ዕቃውን የማይከድን አልነበረም። እኛም ከድነናል።

በዚያው ወራት ሦስት ትልልቅ ልጆች የሳምቡሳ ገንዘባችንን በየቀኑ ይቀሙን ነበር። አንድ ቀን በደቻቱ አሸዋ ላይ ጥለውን አፋችን ውስጥ አሸዋ ሲጨምሩ ያ ልጅ መጣ። አልተማታም። ከአጠገባችን ቁጢጥ አለና አንደኛው በያዘው ዳቦ ላይ ዓይኑን ተከለ፤ ቀስ ብሎም «ይጣፍጣል?» አለው። ልጁ ዳቦውን ጣለ፤ «አቦ፣ እንሂድ!» እያሉ ሦስቱም ሮጡ። እርሱ ዳቦውን አንሥቶ፣ አሸዋውን እፍ ብሎ፣ ለሁለት ቆርሶ ግማሹን ሰጠን። ከዚያ በኋላ ከወንዙ ዳር ብዙ ጊዜ አብረን ተጫውተናል። በትምህርት ቤት ግን አንተዋወቅም ነበር፤ ይህ የኛ ፈቃድ እንጂ የእርሱ አልነበረም።

ከጥቂት ጊዜ በኋላ ታመምን፤ ትኩሳትና ብርድ ብርድ ማለት ነበር። አክስታችን «ከማን ጋር በላህ?» ብለው ጠየቁን። ስሙን ነገርናቸው። ማንም አላጨሰብን፣ ማንም አላስለፈለፈን፤ በጤና አእምሯችን ነገርናቸው። አክስታችን በማግሥቱ ወደ ልጁ ቤት ሄዱ፤ ለዚህ በሽታ የበላው ሰው ልብስ ቁራጭ ይጨስበታል የሚባል መድኃኒት አለና። እንደ ነገሩን የልጁ እናት አንዲት ቃል አልመለሱም። መቀስ አምጥተው ከሸሚዙ ጫፍ ላይ ቆርጠው ሰጡ። ጨርቁ ሌሊቱን ጨሰ፤ ትኩሳቱ አልለቀቀም። በሦስተኛው ቀን ክሊኒክ ወሰዱን፤ ደም ተመረመረና ወባ ተባለ፤ ክኒን ተሰጠን፣ ዳንን።

ወደ ክፍል በተመለስን ዕለት ልጁ ያንኑ ሸሚዝ ለብሶ መጥቶ ነበር። የተቆረጠው ጫፍ በሌላ ቀለም ክር ተጠምዝዟል። ስንገባ ቀና ብሎ አየንና ዓይኑን ወዲያው ወደ ደብተሩ መለሰ፤ ከዚያ ቀን በኋላም ማንም ሲበላ ቀና ብሎ ሲያይ አላየነውም። ዓመቱ ሲያልቅ ቤተ ሰቡ ወደ ሌላ ከተማ ሄዱ።