ቪክቶር ኤሪሴ፦ በ50 ዓመት አራት ፊልም

ስፔናዊው የፊልም ዳይሬክተርና ጸሐፊ ቪክቶር ኤሪሴ እ.ኤ.አ. በ1940 በሰሜን ስፔን፣ በባስክ ምድር ተወለደ። ማድሪድ በሚገኘው የፊልም ትምህርት ቤት ተምሮ፣ በመጽሔት የፊልም ሂስ ሲጽፍ ቆይቶ፣ በ1969 ሦስት ወጣት ዳይሬክተሮች ተከፋፍለው በሠሩት ፊልም ሙያውን አሟሸ። የራሱን የመጀመሪያ ረጅም ፊልም ያወጣው በ1973፣ አራተኛውን በ2023 ነው። በግማሽ ምዕተ ዓመት የሠራቸው ረጅም ፊልሞች እነዚህ አራቱ ናቸው፤ የስፔን ሲኒማ ግን ያለ እነሱ አይታሰብም።

«የንብ ቀፎው መንፈስ» የተሰኘው የመጀመሪያው ፊልም አምባገነኑ ፍራንኮ በሥልጣን ላይ እያለ የተሠራ ነው። ታሪኩ የእርስ በርስ ጦርነቱ ባበቃ ማግስት፣ በ1940 ገደማ፣ በካስቲያ ገጠር ይጀምራል። በመንደሩ «ፍራንከንስታይን» የተባለው ፊልም ሲታይ አና የምትባል ሕፃን ጭራቁ በእውን እንዳለ አምና ፍለጋ ትወጣለች። ስለ ተሸናፊዎቹ በግልጽ መናገር በማይቻልበት ዘመን ኤሪሴ የአንድን ቤተሰብ ዝምታ አሳየ፤ አባት ከንቦቹ፣ እናት ከደብዳቤዋ ጋር ብቻቸውን ይኖራሉ። አናን ሆና የተጫወተችው አና ቶረንት ያኔ ገና ትንሽ ልጅ ነበረች። ሰዎች በሌላ ስም ሲጠሩ ግራ ስለገባት ዳይሬክተሩ ለዋናዎቹ ገጸ ባሕርያት የተዋንያኑን የራሳቸውን ስም ሰጣቸው። ጭራቁን በሸራው ላይ ስታይ ፊቷ ላይ የሚነበበው መደነቅም ትወና አይደለም፤ ፊልሙን ስታይ ካሜራው በቀጥታ የቀረጸው ነው። በፊልሙ ውስጥ ይህን ቅጽበት የሚያህል የለም። ሥራው በሳን ሴባስቲያን ፌስቲቫል ታላቁን ሽልማት አገኘ።

ሁለተኛው ፊልም፣ የ1983ቱ «ደቡብ»፣ ሳያልቅ የቀረ ነው። ፕሮዲዩሰሩ ኤሊያስ ኬሬሄታ ቀረጻውን መሐል ላይ ስላቆመው የታሪኩ ባለቤት የሆነችው ልጅ ወደ አባቷ የትውልድ ምድር ወደ አንዳሉሲያ የምትሄድበት ክፍል ከነጭራሹ አልተቀረጸም። ተመልካች የሚያየው ዋዜማውን ብቻ ነው፤ እንዲያም ሆኖ ከድንቅ የስፔን ፊልሞች ተርታ ይመደባል።

በ1992 የወጣው ሦስተኛው ፊልም ሠዓሊው አንቶኒዮ ሎፔስ በግቢው ያለን ሜምብሪዮ የተባለ የፍሬ ዛፍ ሲሥል ይከታተላል። ሎፔስ ሁልጊዜ ከአንድ ቦታ ለመሥራት ጫማው የሚያርፍበት ላይ ምስማር ይተክላል፤ ቅጠሉና ፍሬው ላይ በነጭ ቀለም ምልክት ያደርጋል። ፍሬው እየበሰለ፣ ቅርንጫፉም እየከበደው ሲሄድ ምልክቶቹ ወደ ታች ይወርዳሉ፤ የመጸው ብርሃንም ሠዓሊውን ጥሎት ይሄዳል። የጊዜን ማለፍ እንዲህ በዓይን የሚያሳይ ፊልም ማግኘት ይከብዳል። በካን ፌስቲቫል የዳኞችን ሽልማት ተቀብሏል።

ከዚያ በኋላ ኤሪሴ ከደራሲው ኹዋን ማርሴ ልቦለድ ለዓመታት ያዘጋጀው የፊልም ጽሑፍ ሳይቀረጽ ቀረ፤ ልቦለዱን በ2002 በፊልም ያቀረበው ሌላ ዳይሬክተር ነበር። አጫጭር ፊልሞችን መሥራቱን ግን አላቋረጠም፤ ከኢራናዊው ዳይሬክተር አባስ ኪያሮስታሚ ጋርም በቪዲዮ ደብዳቤ ተጻጽፏል።

በ2023 በካን የታየው «ዓይንን መጨፈን» ቀረጻ ሳያልቅ ስለጠፋ ተዋናይና ከዓመታት በኋላ ስለሚፈልገው ዳይሬክተር ይተርካል። ሥራዎቹ መሐል ላይ ለተቋረጡበት ሰው ጉዳዩ የራሱ ነበር። የጠፋውን ተዋናይ ልጅ ሆና የተጫወተችው አና ቶረንት ናት። በዚያው ዓመት የሳን ሴባስቲያን ፌስቲቫል ለኤሪሴ የዕድሜ ልክ ሥራው ክብር የሆነውን የዶኖስቲያ ሽልማት ሰጠው።