ፋብሪካ የሌላቸው ልብስ ሠሪዎች

ከልብስ ንግድ ሰዎች ሁሉ ሥራቸው ከስማቸው እጅግ የሚበልጠው የሶርሲንግ ሰዎች ናቸው። ዲዛይነሩን ዓለም ያውቀዋል፤ የሱቁ ስም በትልቁ ተጽፎ ይታያል፤ ሰፊዋም አልፎ አልፎ በጋዜጣ ትነሳለች። ክሩን ከአንድ አገር፣ ጨርቁን ከሌላ፣ ስፌቱን ከሦስተኛ አገናኝቶ ልብሱን በቀኑ መደርደሪያ ላይ የሚያደርሰውን ሰው ግን የሚያነሳው የለም። ቢነሳም “ደላላ” ተብሎ ይታለፋል። ይህ ያናድደኛል። ሥራው ምን እንደሆነ ያየ ሰው እንዲህ አይልም።

ሶርሲንግ ማለት ሱቁ የሚፈልገውን ልብስ የት፣ በማን፣ ከምን ጨርቅ፣ በስንት ቀን እንደሚሠራ መወሰንና ዕቃው እስኪደርስ መከታተል ነው። ሙያውን ለማስተዋወቅ የሆንግ ኮንጉን ቪክተር ፈንግን የሚያህል ሰው አላገኘሁም። ከወንድማቸው ከዊሊያም ጋር የመሩት ሊ ኤንድ ፈንግ የተባለው ኩባንያ እንደ ፈረንጅ አቆጣጠር በ2011 (የምጠቅሳቸው ዓመቶች ሁሉ በዚሁ አቆጣጠር ናቸው) የዓመት ሽያጩ 20 ቢሊዮን ዶላር ደርሶ ነበር። ያን ሁሉ ልብስና ዕቃ ሲያሠራ ግን የአሠራሩ መሠረት የራሱን ፋብሪካ አለመያዝ ነበር።

ድርጅቱ የተመሠረተው በ1906 በደቡብ ቻይና፣ በጓንዡ ከተማ ነው። ፈንግ ፓክ ሊዩ እና ሊ ቶ ሚንግ ሐር፣ የሸክላ ዕቃና ርችት ወደ ውጭ ይልኩ ነበር። ቪክተር በ1998 ለሃርቫርድ ቢዝነስ ሪቪው መጽሔት እንደተናገሩት የአያታቸው የፈንግ ፓክ ሊዩ ትልቁ ሀብት እንግሊዝኛ ማወቃቸው ነበር። በቻይና ፋብሪካዎች ውስጥ እንግሊዝኛ የሚሰማ፣ ከአሜሪካ ነጋዴዎችም ቻይንኛ የሚናገር አልነበረምና፣ መካከል ቆመው በማገናኘታቸው 15 በመቶ ኮሚሽን ያገኙ ነበር። በአባታቸው በፈንግ ሆን ቹ ዘመን ድርጅቱ ወደ ሆንግ ኮንግ ዞረ፤ ኮሚሽኑም እያደር ወደ 10፣ ወደ 5፣ ከዚያም ወደ 3 በመቶ ወረደ። ቪክተር በሃርቫርድ ሲያስተምሩ ቆይተው በ1976 ሲመለሱ፣ ወዳጆቻቸው እንዲህ ያለ የግዢ ወኪል በአሥር ዓመት ውስጥ ከምድር ይጠፋል ብለው አስጠንቅቀዋቸው ነበር። ከዚያ በኋላ ያለውን የአክሲዮን ታሪክ በአጭሩ ልለፈው፤ በ1989 ወንድማማቾቹ ከዘመዶቻቸው ድርሻ ገዝተው ኩባንያውን ከገበያ አወጡት፣ በ1992 መለሱት፣ በ1995 ዶድዌል የተባለውን የእንግሊዞች ተፎካካሪ ገዙ።

እኔን የሚማርከኝ ሥራውን የሚሠሩበት መንገድ ነው፤ ብዙ ሰው የሚሳሳተውም እሱ ላይ ነው። ልብስ የሚሰፋው ጉልበት በረከሰበት አገር ነው፣ የሶርሲንግ ሰው ሥራም ያን አገር እየተከታተለ መሄድ ነው ይባላል። የተማሩ ሰዎች ሳይቀሩ እንዲህ ይላሉ። የደመወዝ ነገር የለበትም አልልም። ግን ደመወዝን ብቻ የሚያይ የሶርሲንግ ኃላፊ ባለበት ቦታ ብዙ አይቆይም።

ቪክተር ያነሱት የነበረውን ምሳሌ እንውሰድ። አንድ የአውሮፓ ሱቅ 10,000 ልብስ ያዛል። ክሩ ከኮሪያ ይገዛል፤ ሽመናውና ማቅለሙ ታይዋን ይሄዳል፤ ዚፑ የጃፓኑ ዋይ.ኬ.ኬ ሆኖ ከቻይና ፋብሪካው ይመጣል። ስፌቱ ታይላንድ ይወድቃል፤ ለዚያ ልብስ ኮታና ምቹ የሠራተኛ ሁኔታ ያለው እዚያ ስለሆነ። ሱቁ ቶሎ ስለሚፈልግ ደግሞ ትዕዛዙ ለአምስት ፋብሪካዎች ይከፈላል። በአምስት ሳምንት ውስጥ 10,000ው ልብስ ከአንድ እጅ የወጣ መስሎ መደርደሪያ ላይ ይደርሳል። አንገቱ ላይ “በታይላንድ የተሠራ” ይላል። መለያው ላይ ያለው አገር የመጨረሻው ስፌት የተሰፋበት አገር ነው፤ ከዚያ በላይ የሚናገረው ብዙ የለም።

ኮታ ስንል ዛሬ የማያስታውሰው ይኖራል። ከ1974 ጀምሮ እስከ 2004 መጨረሻ ድረስ አሜሪካና አውሮፓ ከየአገሩ የሚገባውን ልብስ በዓይነትና በቁጥር ይገድቡ ነበር። የአንድ አገር የሸሚዝ ኮታ ከሞላ፣ ሰፊዎቹ ምንም ያህል ጎበዝና ርካሽ ቢሆኑ ሸሚዙ ወደብ ላይ ይቀር ነበር። የፈንጎቹ ሰዎች ይህን የኮታ ካርታ በልባቸው ይዘው ነበር የሚንቀሳቀሱት። ትዕዛዙ ታይላንድ ለምን እንደሄደ ከደመወዝ ሰንጠረዥ ብቻ የሚፈልግ ሰው አያገኘውም።

አሁን ወደምወደው ነገር ልምጣ፤ ወዳልተቀለመው ክር።

አንድ ሱቅ 100,000 ልብስ እንደሚያዝ ይታወቃል እንበል። ሞዴሉና ቀለሙ ግን ገና አልተወሰነም። ቀለም አደገኛ ነገር ነው። በዚህ ወቅት ሰው ቢጫ ይልበስ ወይስ አረንጓዴ፣ ከስድስት ወር በፊት የሚያውቀው የለም። ቀድሞ የወሰነ ሱቅ ከተሳሳተ ቢጫው ተቆልሎ በግማሽ ዋጋ ይሸጣል፤ አረንጓዴውን ፈልጎ የመጣው ደንበኛ ደግሞ ባዶ እጁን ይመለሳል። ስለዚህ ሱቁ ውሳኔውን በተቻለ መጠን ማዘግየት ይፈልጋል። ችግሩ ክር መፍተል፣ መሸመን፣ ማቅለም፣ መቁረጥና መስፋት እንደ ተራቸው ጊዜ የሚበሉ መሆናቸው ነው። ሁሉም ቀለሙ ከታወቀ በኋላ ይጀመር ከተባለ ወቅቱ አልፎ ይደርሳል።

የፈንጎቹ መፍትሔ ሥራውን ቀለም የሚያስፈልገውና የማያስፈልገው ብሎ ለሁለት መክፈል ነው። ክር አቅራቢውን ያልተቀለመ ክር ያዝልን ይሉታል። ሸማኔውንና ማቅለሚያ ቤቱን ይህን ያህል ሥራ በእርግጠኝነት እንሰጣችኋለንና መኪናችሁን በዚህ ሳምንት ለእኛ ልቀቁልን፣ ቀለሙን ለማስረከቢያው አምስት ሳምንት ሲቀረው እንነግራችኋለን ይሏቸዋል። ስፌት ፋብሪካውን ደግሞ ልብሱ ምን እንደሚመስል ገና አናውቅም፣ ጨርቁና መለዋወጫው ግን በዚህ ቀን ደጃችሁ ይደርሳል፣ ሰፍታችሁ ለመጨረስ ሦስት ሳምንት አላችሁ ይሉታል። ድግስ የሚደግስ ሰው የእንግዳው ቁጥር ሳይታወቅ ጤፉንና ቅቤውን አስቀድሞ እንደሚይዝ፣ እነሱም ጊዜ የሚበላውን ቀድመው ይዘው አደገኛውን ውሳኔ ለመጨረሻ ያቆዩታል።

እዚህ ላይ የተሸጠው ጊዜ ነው። ሱቁ የፋሽኑን ነገር ለማየት ተጨማሪ ወራት አገኘ፤ ከፋብሪካዎቹም አንዱ እንኳ ከወትሮው በፈጠነ ጉልበት አልሠራም። የጣሊያኑ ቤኔቶን ሹራቡን ሳይቀለም ሠርቶ ኋላ በማቅለም የታወቀውም በዚሁ ሐሳብ ነው። የፈንጎቹ የሚለየው በራሳቸው ግቢ ውስጥ ሳይሆን በሦስትና በአራት አገር፣ የእነሱ ባልሆኑ ፋብሪካዎች ውስጥ ማድረጋቸው ነው።

ሰው ባለቤቱ ላልሆነ ደንበኛ መኪናውን ባዶ አድርጎ የሚጠብቀው እንዴት ነው? ባለፈው ዓመት የተባለው ትዕዛዝ በተባለው ቀን ስለመጣለት ነው። ለዚህም የሚያስደንቅ ልክ ነበራቸው፤ ከአንድ ፋብሪካ ምርት ከ30 በመቶ ያላነሰ፣ ከ70 በመቶ ያልበለጠ መግዛት ይፈልጉ ነበር። ከ30 በታች ከሆነ ፋብሪካው ስልካቸውን ቶሎ አያነሳም። ከ70 በላይ ከሆነ ግን ፋብሪካው ሙሉ በሙሉ በእነሱ ላይ ይወድቃል፣ ከሌላ ደንበኛ የሚማረውም ነገር ይቀርበታል። እኔ ይህን ልክ ባነበብኩ ቁጥር ስንት የአገራችን ፋብሪካ በአንድ ባየር (የውጭ ገዢ) ብቻ ታስሮ እንደነበር ይታወሰኛል።

ቪክተር የሚያነሱት ሌላ ስሌትም አለ። ከፋብሪካ በ1 ዶላር የወጣ ዕቃ ሱቅ መደርደሪያ ላይ 4 ዶላር ይሆናል። ሁሉም ሰው ያችን አንድ ዶላር ለመቀነስ ይታገላል፤ ከእሷ ላይ አሥርና ሃያ ሳንቲም ለመቁረጥ ግን ሊቅ መሆን ያስፈልጋል። የቀሩት ሦስት ዶላሮች በመርከቡ፣ በመጋዘኑ፣ ባልተሸጠው ክምችት፣ በቅናሹና በወረቀቱ ውስጥ ተበትነዋል፤ የሚነካቸውም የለም። የሶርሲንግ ሰው ጥበቡ የሚታየው እዚያ ነው። ኮንቴነር ሲጫን ለየሱቁ የሚሄደው ዕቃ አስቀድሞ ተለይቶ ከታሸገ መድረሻው ላይ መጋዘን ውስጥ ተበትኖ እንደገና አይለቀምም። እንዲህ ያለው ነገር ማንም የማያጨበጭብለት ነው፤ የሚተርፈው ገንዘብ ግን ከሰፊዋ ደመወዝ ላይ ተቆርጦ ሊገኝ ከሚችለው ይበልጣል።

ፈንጎቹ ይህን ከሱቁ ወገንም አይተውታል። ቤተሰቡ በሆንግ ኮንግ የሰርክል ኬ ሱቆችን፣ በእስያም የቶይስ አር አስ የመጫወቻ መደብሮችን ያካሂድ ነበር። መደርደሪያ ላይ ሳይሸጥ የቀረ ዕቃ ምን እንደሚያስከፍል በራሱ ኪስ ያየ ሰው ትዕዛዝ ሲቀበል አስተሳሰቡ ይለያል።

እኔ ራሴ በአንድ የልብስ ፋብሪካ መርቻንዳይዘር (የትዕዛዝ ክትትል) ክፍል ውስጥ ሠርቻለሁ፤ አስተያየቴ ከዚያ ይመጣል። ሸሚዙ ተሰፍቶ፣ ተተኩሶ፣ ቁልፉ ከውጭ ሳይደርስ ሲቀር አይቻለሁ። ሰፊዎቹ ሥራ ፈተው ይቀመጣሉ፤ በመጨረሻም ዕቃው በመርከብ መሄዱ ቀርቶ በአውሮፕላን ይጫናል፤ ትርፉም ሁሉ ለአየር ጭነት ይከፈላል። የሰው ጉልበት ርካሽ መሆኑ በዚያ ቀን ምንም አልጠቀመም። እናንተም ባየሮች፣ አንድ ነገር ልበላችሁ። ጨርቁ ከተቀለመ በኋላ ቀለም የምትቀይሩ፣ የማስረከቢያውን ቀን ግን የማታነቃንቁ፣ የዚያ ሳምንት ኦቨር ታይም በማን ጫንቃ ላይ እንደሚያርፍ ወርዳችሁ እዩት። ፋብሪካዎቻችንም “ይደርሳል” የምትለውን ቃል ሳታሰሉ አትስጡ። የማይደርስ ከሆነ ዛሬውኑ ተናገሩ፤ ቀድሞ የተነገረው ባየር ሌላ መላ ይፈልጋል።

ይህ ሙያ ጨለማ ጎንም አለው፤ ስለምወደው አልደብቀውም። ትዕዛዝ በብዙ እጅ በተከፋፈለ ቁጥር ተጠያቂውም ይበተናል። በኅዳር 2012 ባንግላዴሽ ውስጥ ታዝሪን በተባለው ፋብሪካ ከ110 በላይ ሠራተኞች በእሳት አለቁ። ሊ ኤንድ ፈንግ እዚያ ልብስ ያሠራ እንደነበር አምኗል። በሚቀጥለው ሚያዝያ እዚያው አገር ራና ፕላዛ የተባለው የልብስ ፋብሪካዎች ሕንፃ ሲፈርስ 1,134 ሰው ሞተ። ልብሱን በቀኑ ማድረስ የቻለ ሰው የፋብሪካው የእሳት መውጫ በር ክፍት መሆኑንም ማወቅ አለበት፤ ሥራው ውስጥ ያለ ግዴታው ነው።

የእኛን አገር ጉዳይ በዚህ ዓይን ማየት ይጠቅማል። የሐዋሳ ኢንዱስትሪ ፓርክ በ2016 ሲመረቅ ካልቪን ክላይንንና ቶሚ ሂልፊገርን የያዘው ፒ.ቪ.ኤች ዋናው ደንበኛ ነበር። በ2019 የኒው ዮርክ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች የሰፊዎቹ መነሻ ደመወዝ በወር 26 ዶላር መሆኑን ሲጽፉ፣ ከዓለም ዝቅተኛው እንደነበር ተነግሯል። ጨርቁ ግን በአብዛኛው ከእስያ በባሕር መጥቶ በጅቡቲ ይገባ ነበር፤ ልብሱም በዚያው ይወጣ ነበር። አጎዋ በተባለው ለአፍሪካ አገሮች በወጣ የአሜሪካ የንግድ ሕግ በኩል ወደ አሜሪካ ያለ ቀረጥ መግባቱ ይህን የጉዞ ጊዜና ወጪ ያካክስ ነበር። ኢትዮጵያ ከጥር 2022 ጀምሮ ከአጎዋ እንደምትወጣ ሲታወቅ፣ ፒ.ቪ.ኤች በኅዳር 2021 የሐዋሳ ፋብሪካውን ዘጋ። ደመወዙ ያው ነበር፤ የተለወጠው ሌላው ሒሳብ ነው። አገራችንን ለባየር ስናስተዋውቅ ርካሽ ጉልበት የሚለውን ከፊት አስቀድመን ክሩ የት እንደሚፈተል፣ ጨርቁ የት እንደሚሸመን፣ ዚፑ በስንት ቀን እንደሚደርስ ወደ ኋላ ማድረጋችን ስህተት ነው። የሶርሲንግ ሰው መጀመሪያ የሚጠይቀው እነዚህን የመጨረሻዎቹን ነው።

ሊ ኤንድ ፈንግም በጉልበቱ አልቆየም። ትላልቆቹ ሱቆች የራሳቸውን የግዢ ቢሮ በየአገሩ ከፈቱ፤ ልብስ በኢንተርኔት የሚሸጡ ነጋዴዎችም የድሮ ደንበኞቹን ገበያ ወሰዱ። በ2017 ኩባንያው ከሆንግ ኮንግ ዋና የአክሲዮን መለኪያ ከሃንግ ሴንግ ወጣ፤ በ2020 ደግሞ ከአክሲዮን ገበያው ለቀቀ። ከ2014 ጀምሮ የመሩት የቪክተር ልጅ ስፔንሰር ፈንግ ካተኮሩባቸው ነገሮች አንዱ ናሙና ነበር። በዚህ ሥራ የናሙና ልብስ ተሰፍቶ በፖስታ ባሕር ይሻገራል፤ እጅጌው ይጠር ተብሎ ይመለሳል፤ እንደገና ተሰፍቶ ይሄዳል፤ ሳምንታት በዚህ ያልቃሉ። እሳቸው ያስፋፉት አሠራር ግን ናሙናውን በኮምፒውተር ስክሪን ላይ በሦስት አውታር ሥሎ፣ እጅጌውን እዚያው አሳጥሮ፣ ፈቃዱን በዚያው ቀን ማግኘት ነው። ጨርቅ የሚቆረጠው ከዚያ በኋላ ነው።